ዓሣው ወደ መገጭ ሲወጣ

ሐምሌ ፩ ቀን ፲፱፻፶፬ ዓ.ም.

የዓለምወርቅ ለመውለድ ወደ አባቷ ቤት ወጣች።

ሐምሌ ፪

ትናንት ከዚያ በላይ ለመጻፍ እጄ እንቢ አለኝ። ከጎርጎራ ጎንደር ያን ያህል ሩቅ አይደለም። በበጋ በበቅሎ የአንድ ቀን መንገድ ነው። በክረምት ግን የደንቢያ ዋልካ የሰውን ጉልበት ይበላል፤ በሬ ሰምጦበት በገመድ ሲጎተት አይቻለሁ። መንገዱ ሳይበላሽ ትሂድ ተባለ። የመጀመሪያ ልጅ በእናት ቤት ይወለዳል፤ እናቷ ባትኖርም እኅቷ እናኑ አለች።

የመጀመሪያ እንላለን። ሁለት ቀብረናል። ሳይጠመቁ ስለ ሄዱ የሚቆጥራቸው የለም።

በቅሎው ላይ ከወጣች በኋላ ያለችኝ ይህን ነው፦ "ጣሪያውን አስከድን። በማታ ብቻህን ባሕር እንዳትገባ። ሽሮው በቅሉ ውስጥ ነው።" ስለ ልጁ ምንም አላለችም። እኔም አላልሁ።

ሐምሌ ፬

ሞተር ጀልባዋ ቀኑን ሙሉ ባሕሩ ላይ ስትጮህ ዋለች። ሁዳዴ ሳይያዝ ነው ከአስመራ በትልቅ ማኪና ተጭና የመጣችው። ያመጣት ኩባንያ ነው፤ የኩባንያው ሰው አቶ ወልደኢየሱስ ይባላል። ሸጋ ጫማ ያደርጋል፣ ባሕር ላይ ግን ያስታውከዋል። የናይሎን መረብ አላቸው፤ ውኃ ውስጥ ሲገባ ለዓይን አይታይም። እኛ በመንጠቆና በወጥመድ፣ ከደንገል ቄጠማ በሚታሰር ታንኳ ነው የምንሠራ። ታንኳ ጥቂት ከርሞ ውኃ ይጠጣና ይከብዳል፤ እሱ ይጣልና ሌላ ይታሰራል።

አያ እንድሪስ ዛሬ አዲስ ታንኳ ሲያስሩ አጠገባቸው ተቀመጥሁ። ወይጦ ናቸው፣ ከጥንት በባሕሩ ዳር የሚኖሩ ወገኖች። የዚህ ዳርቻ ታንኳ ሁሉ ከእሳቸው እጅ፣ ወይም ከአባታቸው እጅ የወጣ ነው። የድጓ ትምህርቴን ጥዬ ወደ ባሕሩ ስወርድ መንጠቆ መጣል ያስተማሩኝ እሳቸው ናቸው። እሳቸው ያጠምዳሉ፤ እኔ አደርቅና ጎንደር አወጣለሁ። እንዲህ ስንል ሃያ ዓመት ሊሞላን ነው። አብረን በልተን አናውቅም። የኛ ሰው ከወይጦ ጋር አይበላም፤ ነገሩ እንዲያው ሆኖ የቆየ ነው። አንቱ ስላቸው ግን ጎረቤት ይስቅብኛል። "ማሩ ወይጦውን አንቱ አለ፤ ነገ ደግሞ አምባዛውን ጌታዬ ሊል ነው።"

"ምነው ዛሬ ዝም አሉ?" አልኋቸው።

በአገጫቸው ወደ ሞተሯ አመለከቱ። "እሷን እየሰማሁ። ጉማሬ እንዲህ ነበር የሚጮኽ። አንተ አልደረስህበትም።"

ሐምሌ ፮

የሐዋርያት ጾም ትናንት ተፈታ። መንደሩ በግ በግ ይሸታል። የኩባንያው ሾፌር ዳኛው ከጎንደር ሲመለስ ደጄ ላይ ጡሩንባ ነፋ።

"አያ ማሩ! ሚስትህን ዓሣ አማራት!" ብሎ ለመንደሩ ሁሉ አሰማ። "የጎንደር ሰው ሥጋ ሲቆርጥ እሷ ዓሣ ትላለች። እናኑ መንገድ ላይ አስቁማኝ፣ 'እኛ ከየት እናመጣለን፣ ለባሏ ንገርልኝ' አለች።"

"ይዘኸኝ ትሄዳለህ?"

"ሠራተኛ ያልሆነ እንዳይሳፈር ተብሏል፣ አያ። ዓሣውን ግን ስጠኝ። ዓሣ ሠራተኛ ባይሆንም ይሳፈራል።"

ደረቅ ዓሣ ሰጠሁት። የፈለገችው እርጥቡን እንደ ሆነ አውቃለሁ። አምሮት ያልወጣላት ሴት ልጇ ላይ ምልክት ይወጣል ይላሉ። ምልክትስ ይውጣ። በሕይወት ይውጣ እንጂ።

ሐምሌ ፱

መገጭ ደፈረሰ።

ውኃው እንዲህ ቀይ ሆኖ ወደ ባሕሩ ሲገባ ዓሣው ያውቃል። ከመላው ባሕር ይሰበሰብና የወንዙ አፍ ላይ ይቆማል፤ ከዚያ ሽቅብ ወጥቶ ጠጠሩ ላይ ይወልዳል። ሆዱ እንቁላል ስለ ሆነ አይሸሽም፣ አይፈራም፣ በእጅ ይያዛል። ስለዚህ አይያዝም። ወንዙ ከደፈረሰ እስከ መስቀል ድረስ በመገጭ አፍ ላይ መንጠቆ የሚጥል፣ ወጥመድ የሚያኖር የለም። የወይጦዎች ሥርዓት ነበር፤ የኛም ሰው ከእነሱ ተማረ። ጠባቂ የለውም፣ የተጻፈ ነገር የለውም። "ያረገዘች አትነካም" ይላሉ፣ በቃ። ነፍሰ ጡር ያለችበት ቤት ደግሞ እንቁላል የያዘ ዓሣ ጨርሶ አይገባም። የዓለምወርቅ የካህን ልጅ ሆና ይህን እንደ ባዕድ አምልኮ ስታየው ነበር። ሁለተኛውን ከቀበርን በኋላ ግን ከሁሉ ይልቅ የምትጠነቀቀው እሷ ሆነች።

ሐምሌ ፲፩

አቶ ወልደኢየሱስ ጠራኝ። ወንበር ሰጠኝ።

"አቶ ማሩ፣ ይህች ጀልባ የታንኳዎቻችሁን ሁሉ ሥራ ትሠራለች። ዓሣው ግን ጠፋ። ሰኔ ላይ ነበር፣ አሁን የለም። የት ገባ?"

"ባሕሩ ውስጥ ነው።"

"ጨዋታ ታውቃለህ።" ሳቀ። ክፉ ሰው አይደለም። "ሽማግሌውን ወይጦ ብጠይቀው ወደ ሰማይ አሳየኝ። እሱን አንቱ ከማለት አንተን 'አቶ' የሚልህ ሰው ይሻልሃል። እኛ ጋ ሥራ። በማኪናው ጎንደር ትመላለሳለህ። ሚስትህ እዚያ አይደለች?"

"አስብበታለሁ" አልሁ። አላስብበትም።

ሐምሌ ፲፪

አላስብበትም ብዬ ቀኑን ሙሉ እሱን ሳስብ ዋልሁ። ጣሪያውን ከደንሁ። አንድ ጎኑ ያፈስሳል።

ሐምሌ ፲፭

ዳኛው መጣ። ጡሩንባ አልነፋም። ከማኪናው ወርዶ ደጄ ድረስ በእግሩ መጣና ባርኔጣውን አወለቀ።

ደም አይታለች። ጥቂት ነው ብላለች እናኑ። ያለፉትም ሁለቱ በጥቂት ነው የጀመሩት።

ሐምሌ ፲፮

ጠዋት በሞተር ጀልባዋ ፊተኛ ጫፍ ላይ ተቀምጬ ሄድሁ። የመገጭን አፍ አሳየኋቸው።

ሐምሌ ፲፰

ጎንደር ደርሼ ተመለስሁ። ዋልካው ማኪናውን ሁለቴ ያዘው፤ ወርደን ገፋን። ቢሆንም በምሳ ሰዓት ደረስን። በእግር ቢሆን ገና ቆላ ድባ ነበርሁ።

ደሙ ቆሟል። እናኑ በር ላይ ነገረችኝ።

የዓለምወርቅ መደቡ ላይ ጋቢ ለብሳ ጋደም ብላለች። ፊቷ ሞላ ብሏል። "መጣህ?" አለች፣ ወንዝ ወርጄ የተመለስሁ ይመስል። እጅጌዬን ይዛ አሸተተች።

"ባሕር ባሕር ትላለህ። በምን መጣህ?"

"በኩባንያው ማኪና።"

"ሠራተኛ ሆንህ?"

"ለክረምቱ ብቻ።"

"አያ እንድሪስስ?"

"ደኅና ናቸው።"

ዓሣውን እናኑ ጠብሳ አመጣች። ትኩስ ነው፣ ከወጣ አንድ ሌሊት ብቻ ያደረ። ሆዱን እኔው ዳር ላይ ቀድጄ አጥቤ ነው ያመጣሁት። በመንገድ እንዳይበላሽ ነው። የዓለምወርቅ እሾሁን እየለቀመች በላች፤ ጣቷን ላሰች፤ ከዚያ በገዛ ሳቋ አፈረች። ይህን ሳቅ ካየሁ ስንት ዘመኑ።

የኔታ ሐብተ ማርያም ከደብር ሲመለሱ ጉልበት ሳምሁ። አባቷ ናቸው፤ ድጓም የጀመርሁት ከእሳቸው ዘንድ ነበር።

"ልጄ፣ አሁንም ከዓሣው ጋር ነህ?"

"አዎ የኔታ።"

"ጴጥሮስ መረቡን ጥሎ ተከተለ። አንተ ትምህርቱን ጥለህ መረቡን ተከተልህ። ገለበጥኸው።" ሃያ ዓመት ሙሉ የሚሉኝ ይህንኑ ነው። ዛሬ ግን ሲሉ እጃቸውን ትከሻዬ ላይ አኖሩ።

ሐምሌ ፳፪

መረቡን በወንዙ አፍ ላይ ከዳር እስከ ዳር ዘርግተውታል። ጠዋት ሲወጣ ዓሣው ከመብዛቱ የተነሣ ጀልባዋ ታዘነብላለች። እንቁላሉ ከጀልባዋ ወለል በባልዲ ይዛቃል። አሞሮች መጥተዋል።

አቶ ወልደኢየሱስ ጀርባዬን መታ መታ አደረገ።

ትናንትም ጎንደር ሄድሁ። ደኅና ናት። በልታለች።

ሐምሌ ፳፬

አያ እንድሪስ ዳር ላይ ቆመው አዩን። ጀልባዋ ስታልፍ ታንኳቸው ተወዛወዘ። ሰላምታ ሰጠኋቸው። ሞተሩ ይጮህ ስለ ነበር አልሰሙኝ ይሆናል።

ማታ ወደ ቤታቸው ሄድሁ። ልጃቸው "ተኝተዋል" አለችኝ። ጢሱ ከጣሪያው ይወጣ ነበር፤ ሳል ሰማሁ።

ሐምሌ ፳፭

እኔ ባላሳያቸውም ያገኙት ነበር። አሞራ ያየ ሁሉ ያገኘዋል። አንድ ሳምንት ቢዘገዩ ነው።

ሐምሌ ፳፮

አንድ ሳምንት ግን አንድ ሳምንት ነው። ስንቱ በወጣ።

ሐምሌ ፳፱

እንዲህ ሆነ።

ትናንት ጠዋት ማኪናው ቀድሞ ተነሣ፤ ዳኛው ዝናቡን ሊቀድም ፈልጎ። ዓሣውን ለመቅደድ ጊዜ አላገኘሁም። እንዳለ ይዤ ሄድሁ። እናኑ ጓሮ ይዛው ወጣች። እኔ ከየዓለምወርቅ ጋር ተቀምጬ ስለ ስም እንጫወታለን። ወንድ ከሆነ የኔታ ያወጣሉ፤ ሴት ከሆነች "እኔ ነኝ የማወጣ" ትላለች።

እናኑ ከጓሮ ጮኸች፦ "ኧረ ኑ እዩ! እንቁላሉ ከዓሣው ይበልጣል! ምነው ይህን ሁሉ?" የከተማ ሰው ናት፤ በደስታ ነው የጮኸችው።

የዓለምወርቅ ተነሣች። "ተኚ" አልኋት። መደቡን፣ ከዚያ በሩን ይዛ ወጣች። ተከተልኋት። ጓሮው ላይ ቆማ አየች። ሦስቱም ዓሣ እንዲያው ነበር። እጇን ሆዷ ላይ አደረገች፤ እያወቀች ያደረገችው አይመስለኝም።

"ከየት ነው የተያዘ?" አለች።

"ከመሐል ባሕር።"

ዘወር ብላ አየችኝ። ቁጣ ቢሆን እችለው ነበር።

"ማሩ፣ በሐምሌ መሐል ባሕር ላይ እንዲህ ያለ የለም።"

ጎንበስ ብዬ አንዱን ዓሣ አነሣሁ።

"ያለፉትስ ከዚያው ናቸው?"

መልሼ አኖርሁት።

"ሆዳቸውን ቀድደህ ታመጣልኝ ነበር" አለች።

በዚህ መሐል የኔታ ገቡ። "ምን ሆናችሁ?" አሉ። የዓለምወርቅ ቀድማ መለሰች፦ "ዓሣው ተበላሽቷል አባዬ። መንገዱ ነው። እናኑ፣ ቆፍረሽ ቅበሪው።" እናኑ አፏን ከፍታ አየቻት፤ ዓሣው ገና ዓይኑ ያበራል። ግን ቀበረችው።

ስወጣ በር ድረስ ሸኘችኝ። ነጠላዬን አስተካከለችልኝ። ድምጿ ዝቅ ያለ ነበር፤ የኔታ እንዳይሰሙ።

"ለኔ ብለህ እንዳደረግኸው አውቃለሁ። ደም አየች ሲሉህ። እንዳላወቅሁ አትቁጠረኝ።"

"የዓለም—"

"ግን መረቡ ከዚያ ካልተነሣ፣ አንተ ከዚያ ካልወጣህ፣ ይህን ልጅ ይዤ ወደ ባሕሩ አልመለስም። በዚያች ማኪናም አትምጣብኝ። ሂድ፣ ይመሻል።"

ማኪናው ላይ ዳኛው ሲያወራ ሲያወራ መጣ። ምን እንዳወራ አላስታውስም።

ነሐሴ ፩

ፍልሰታ ገባ።

ነሐሴ ፫

ብወጣ ምን ይሆናል? ማኪና የለም። ደም ብታይ የሚነግረኝ የለም፤ ቢነግረኝም የምደርስበት የለኝም። ወደ እሷ የሚወስደኝ ነገር ነው እሷን ያስቀየማት። ይህን ለማን ይነግሩታል?

መረቡን አንሡ ብላቸው ይስቃሉ። ቦታውን አውቀውታል። እኔ ብወጣም ባልወጣም ዓሣው ያው ይያዛል።

ይህን ከፍ አድርጌ ለራሴ አነበብሁት። ደንበኛ ነገር ይመስላል።

ነሐሴ ፯

ለዳኛው መልእክት ሰጠሁት፦ "ደኅና ነሽ ወይ በላት።" ምላሽ ይዞ መጣ፦ "ደኅና ነኝ በለው።" ሌላስ ብለው፣ "ሌላ የለም አያ። ሽሮ በልቷል ወይ ብላለች።"

ሽሮ በልቷል ወይ።

ነሐሴ ፲፩

ቤተ ክርስቲያን ግቢ ውስጥ ከኋላዬ ሁለት ሰዎች ይከራከራሉ። አንዱ፦ "ዓሣ ደም የለውም፣ በጾም ይበላል።" ሌላው፦ "ደም የለውም ያለህ ማን ነው? የመገጭን አፍ ሄደህ እይ፣ ውኃው ደም ነው።" ከዚያ አዩኝ። አንደኛው "እንዴት አረፈድህ፣ ማሩ" አለኝ፣ ከልክ በላይ በትሕትና።

ነሐሴ ፲፬

ዛሬ የተያዘው ከባለፈው ሳምንት ግማሹን አይሞላም። አቶ ወልደኢየሱስ "ዝናብ ነው" አለ። አንዱ ሠራተኛ "ፈርተው ይሆናል" አለ። ሞተሩን የሚያንቀሳቅሰው ሰው መረቡን መጠቅለል ጀመረ። እኔም።

ላይኛው መገጭ ድረስ በእግሬ ወጣሁ። በየዓመቱ በዚህ ወቅት ጠጠሩ ላይ ዓሣው ሲፈራገጥ ጀርባው ይታያል፤ ውኃው የፈላ ይመስላል። ዛሬ ውኃ ብቻ ነበር። ቆሜ ጠበቅሁ። አንዲት ዓሣ አለፈች። አንዲት ብቻ። ጀርባዋ እስኪሰወር አየኋት።

ነሐሴ ፲፱

አያ እንድሪስ ሊሄዱ ነው። ባሕር ዳር፣ ከባሕሩ ማዶ። አማቻቸው እዚያ ከአዲሱ የጨርቅ ፋብሪካ ጥጥ ይሸከማል። ሌሎቹም ወይጦዎች ሦስት ቤት ይከተሏቸዋል።

እኔ አልሄድሁባቸውም፤ እሳቸው መጡ። ደጄ ላይ ቆመው "ማሩ" ብለው ጠሩ። እንደ ልማዳቸው አልገባም አሉ፤ ድንጋዩ ላይ ተቀመጡ። ደጅ ካነደድሁት እሳት አጠገብ ያኖርሁትን የበቆሎ እሸት አይተው፣ "በስሏል፣ ታቃጥለዋለህ" አሉ። ራሳቸው አንሥተው ሰበሩና ግማሹን ሰጡኝ። በላሁ። አብረን በላን። ጎረቤቴ በአጥሩ ላይ አየን፤ የሚነግረው እስኪያገኝ ቸኩሎ ሲገባ አየሁት።

"ጉማሬው የት እንደ ሄደ ነግሬህ አላውቅም" አሉ።

"አለቀ ብለውኛል።"

"እንዴት እንዳለቀ። እኛ በጦር ነበር የምንወጋ። ከወለደችው አንደርስም፤ ደንገሉ ውስጥ ስትወልድ ቦታውን እኛ ብቻ ነን የምናውቅ። በኋላ ጠመንጃ የያዙ መኳንንት መጡ። ያሳያቸው አባቴ ነው።"

በቆሎውን ማኘክ አቆምሁ።

"በቅሎ ሰጡት። ወይጦ በቅሎ ላይ! ሰው ሁሉ ሊያይ ወጣ።"

"በቅሎዋስ?"

"በዓመቷ ሞተች። ጉማሬውም አለቀ። እኛም ዓሣ ያዝን።" ራሳቸው ሳቁ፤ ሳቁ ወደ ሳል ሄደ። "ዓሣው ሲያልቅ እንግዲህ ጥጥ እንይዛለን። ጥጥ አይዋኝም፣ ደግ ነው።"

"ይህን ምነው ዛሬ ነገሩኝ?"

"አባቴን እወደው ነበር" አሉ። "እሱን እንድታውቅ ነው።"

በትራቸውን ተመርኩዘው ተነሡ። የዓለምወርቅን ጠየቁኝ፤ ደኅና ናት አልሁ። "ስትወልድ እኔ የለሁም። አላህ በሰላም ይገላግላት በልልኝ" አሉ። እስከ ባሕሩ ዳር ሸኘኋቸው። አዲሱን ታንኳ ትተውልኛል።

ነሐሴ ፳፪

ከየኔታ መልእክት። "ምነው ጠፋህ? ፍልሰታ ተፈታ። ልጅቱ ወሯ እየደረሰ ነው፤ ባል እንዲህ ነው ወይ?" አልነገረቻቸውም ማለት ነው። እስከ ዛሬ። በአባቷ ፊት እኔን ደግ አድርጋ አስቀምጣኛለች።

ነሐሴ ፳፫

ለአቶ ወልደኢየሱስ ነገርሁት። "መረቡን እስከ መስቀል ከወንዙ አፍ አንሡት" አልሁ። "ዘንድሮ ካልወለደ ለከርሞ እናንተም የምትይዙት አይኖርም።"

ሰማኝ። እውነትም ሰማኝ፤ ወንበሩን አስጠግቶ። "ልክ ልትሆን ትችላለህ" አለ። "እኔ ግን የተቀጠርሁት ለከርሞው አይደለም። ከአስመራ የሚጠይቁኝ የዘንድሮውን ነው።" ከዚያ፦ "አትቀየመኝ። ደግሞስ ያሳየኸን አንተ አይደለህም?"

ያን ጊዜ ወጥቼ መሄድ ነበረብኝ። አልወጣሁም። ገመድ አቀብል አሉኝ፣ አቀበልሁ።

ነሐሴ ፳፰

ጣሪያው ያፈስሳል። ከመደቡ በላይ ነው፤ የእሷ ቦታ ላይ። ድስት አኖርሁበት።

ታንኳው ዳር ላይ ታስሯል። ገና አልገባሁበትም።

ጳጉሜን ፩

ማኪናው ሦስት ቀን ሆነው፤ ከጎንደር አልተመለሰም። መንገዱ ተቆርጧል ይላሉ። የጀልባዋ ቤንዚን አልቋል፤ ትናንት መረቡን ካወጡ በኋላ አልተጣለም። አቶ ወልደኢየሱስ ይንቆራጠጣል። ቆላ ድባ ቤንዚን የሚሸጥ ሰው አለ፤ ነገ አህያ ይዤ እንድሄድ አዘዘኝ። "ከአንተ በቀር ዋልካውን የሚያውቅ የለም" አለ።

ጳጉሜን ፫፣ ቆላ ድባ

ከቤንዚን ሻጩ ደጃፍ ተቀምጬ በእርሳስ እጽፋለሁ። ዛሬ የሩፋኤል ዝናብ ነው፤ ሰው ሁሉ ወጥቶ ይታጠባል፤ ሴቶቹ ልጆቻቸውን አውልቀው ከጣሪያ በሚወርደው ሥር ያቆማሉ። ትናንት መሽቶብኝ እዚሁ አደርሁ። ሻጩ ጠዋት ቤተ ክርስቲያን ሄዶ ቆየ፤ አሁን መጥቶ ቤንዚኑን ከበርሜል እየቀዳ ነው።

ዳኛው መጣ። በእግሩ። እስከ ጉልበቱ ጭቃ፣ ጫማው በእጁ። ማኪናውን ከአዘዞ ወዲህ ዋልካው ውጦታል፤ ሲያየኝ "አያ ማሩ፣ እግዜር ነው ያገናኘን" አለ።

"ወለደች?"

"ምጥ ላይ ናት። ትናንት ከቀትር ጀምሮ። ስነሣ ከተማው ሁሉ በደጃቸው 'ማርያም ማርያም' ይላል። የኔታ ከድርሳነ ሩፋኤል አይነሡም። አዋላጇ ቆየ እያለች ነው።"

"ደም?"

"እሱን አልነገሩኝም።"

ከዚያ መሬት መሬት እያየ ጫማውን አራገፈ።

"ምንድን ነው? ንገረኝ።"

"እናኑ ከውስጥ ወጥታ ነበር። 'የዓለምወርቅ ትጠይቃለች' አለች። 'አሁንም እዚያው ነው?' አለችህ።"

"አንተ ምን አልህ?"

"ምን ልበል አያ? ቤንዚን ሊያመጣ ታዝዟል ሲሉ ከጎርጎራ ከመጡ መንገደኞች ሰምቼ ነበር። እሱንኑ አልኋት።"

ምጥ ላይ ሆና ያንን ሰማች።

ዳኛው "ክፉ አልሁ እንዴ?" ይለኛል። ልክ ነው ያልኸው አልሁት። ልክ ነበር።

ቤንዚኑ ከሌለ ዛሬ ማታ መረቡ አይጣልም። ነገም አይጣል ይሆናል። ከነገ ወዲያ ሌላ ሰው ይልካሉ፤ መንገዱም ይደርቃል፤ ይጣላል። የሚተርፈው የሁለት ቀን ዓሣ ነው። ይህ ምንም አያድንም። እኔም አሁን የምሄደው እሱን ለማዳን ነው አልልም።

ቤንዚኑን ሳልጭን አህያዋን ባዶዋን ለዳኛው ሰጠሁት፤ ወደ ጎርጎራ ይመልስልኝ። ለአቶ ወልደኢየሱስ ምን ልበለው ይላል። ያየኸውን በለው።

ከዚህ እስከ አዘዞ ሁሉ ዋልካ ነው። ብፈጥን ሌሊት እደርሳለሁ። ባልፈጥንም ሌሊት ነው። ደጃፉ ላይ ስደርስ "በምን መጣህ?" ትለኝ እንደ ሆነ፣ እስከ ጉልበቴ የደረሰውን ጭቃ ታያለች። የምትጠይቀኝ ሆና ላግኛት እንጂ።

አንደኛው ጀሪካን ሞልቷል። ሻጩ ማንቆርቆሪያውን ወደ ሁለተኛው እያዞረ "ያንተ ሰው፣ ና ያዝልኝ እንጂ!" ይለኛል። አልያዝሁለትም። ጫማዬን አውልቄአለሁ። እየወጣሁ ነው።